ወደ ከሰል የተመለሰችው መርከብ

አሽዶድ ላይ፣ የላኪሽ ወንዝ ከሜዲትራኒያን ባሕር ከሚቀላቀልበት አፍ ቆሞ ወደ ሰሜን ለተመለከተ ሰው ቀድሞ የሚታየው የወደቡ ክሬን ነው። ወደቡ ሥራ የጀመረው በ1965 ነው (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። መርከብ የሚጠለልበት የተፈጥሮ ወሽመጥ ስላልነበረ ባሕሩ ውስጥ ረጅም የማዕበል መከላከያ ግንብ መሥራት የግድ ሆኗል። ከጋዛ እስከ ያፋ ያለው ጠረፍ ቀጥ ብሎ የተዘረጋ አሸዋ ነው፤ ከፊቱ ጥልቀት የሌለው ውሃና ከምዕራብ የሚገፋ ማዕበል፣ ከኋላው ደግሞ የአሸዋ ክምር አለ። መጽሐፍ ቅዱስን በአማርኛ ያነበበ ሰው ከተማዋን አዛጦን በሚለው ስሟ ያውቃታል። ፍልስጥኤማውያን የማረኩትን ታቦት ያስገቡባት፣ ፊልጶስም በጋዛ መንገድ ኢትዮጵያዊውን ጃንደረባ ካጠመቀ በኋላ የተገኘባት ናት። ዛሬ በርካታ ቤተ እስራኤላውያን ይኖሩባታል፤ በባሕር ዳርቻዋ አማርኛ መስማትም እንግዳ ነገር አይደለም።

ይህ ጠረፍ መርከብን የሚፈልግ፣ ግን ለመርከብ የማይመች ሆኖ ኖሯል። ከከተማዋ በስተደቡብ፣ ከውሃው ዳር፣ ከቀደሙት የእስልምና ዘመናት የቆየ ምሽግ ፍርስራሽ ይገኛል። በ10ኛው ክፍለ ዘመን የነበረው የኢየሩሳሌሙ ተወላጅ ጂኦግራፊ ጸሐፊ አል ሙቀደሲ እንደመዘገበው፣ የቢዛንታይን መርከቦች ምርኮኞችን በቤዛ ለማስለቀቅ ወደነዚህ የጠረፍ ምሽጎች ይመጡ ነበር። መርከቦቹ ከሩቅ ሲታዩ ጠባቂዎቹ ቀን ቀን በጭስ፣ ማታ ማታ በእሳት ምልክት እየሰጡ ወሬውን እስከ ራምላ ያደርሱታል። ከዚያ ከሺህ ዓመት ገደማ በኋላ፣ በአንደኛው የዓለም ጦርነት፣ ሌላ ዓይነት መርከቦች ከዚሁ ጠረፍ ፊት ለፊት ይመላለሱ ጀመር። ከእነዚህ አንዷ አኔ ሪክመርስ ትባል ነበር።

በ1915 መጀመሪያ ወራት ሥራዋ ይህን ይመስል ነበር። ከፖርት ሰዒድ ተነሥታ፣ በሰዓት ከ20 ኪሎ ሜትር በማይበልጥ ፍጥነት ጠረፉን ይዛ ወደ ሰሜን ትወጣለች። ከተፈለገው ቦታ ስትደርስ ሞተሯን ታቆማለች። ከኋላዋ የጭነት ክፍል መክደኛ ላይ የተቀመጠ፣ ከጎማ ይልቅ ተንሳፋፊ ጫማ የተገጠመለት ኒውፖር የሚባል የፈረንሳይ አውሮፕላን አለ። ጆንያና በርሜል ለማውረድ የተሠራው የጭነት ማንሻ አውሮፕላኑን አንጠልጥሎ ቀስ ብሎ ውሃው ላይ ያኖረዋል። ከፊት የፈረንሳይ ባሕር ኃይል አብራሪ፣ ከኋላ የእንግሊዝ ጦር መኮንን ለቅኝት ተቀምጠዋል። ማዕበሉ ትንሽ ከበረታ አውሮፕላኑ ከውሃው መላቀቅ አይችልም። ተነሥቶም ሞተሩ በየብስ ላይ ቢከዳው ተንሳፋፊ ጫማው ለማረፊያ አይሆነውም። እስኪመለስ መርከቧ በቆመችበት ትጠብቃለች፤ ሰርጓጅ መርከብ ቢያገኛት ማምለጫ አልነበራትም።

አኔ ሪክመርስ ለዚህ አልተፈጠረችም። በ1911 ብሬመርሃፈን በሪክመርስ ኩባንያ የመርከብ ግቢ የተሠራች፣ የምዝገባ ቶኗ ከ4,000 በላይ የሆነ ተራ የጀርመን የጭነት መርከብ ነበረች። ጦርነቱ በነሐሴ 1914 ሲፈነዳ ፖርት ሰዒድ ላይ ነበረችና እንግሊዞች ያዟት። ከእርሷ ጋር ሌላ የጀርመን ጭነት መርከብ ተያዘች፤ ራበንፌልስ የምትባለው፣ በ1903 የተሠራች። ሁለቱም መጠለያ ያልተሠራላቸው፣ የመነሻ መድረክ የሌላቸው የአውሮፕላን ተሸካሚዎች ሆኑ። አኔ ሪክመርስ መጋቢት 1915 ኢዝሚር አቅራቢያ ደሚርሂሳር በተባለች የኦቶማን ቶርፔዶ ጀልባ ተመታች፤ ግን አልሰጠመችም። ተጠግና በነሐሴ 1915 በእንግሊዝ ባሕር ኃይል መዝገብ ስትገባ ስሟ «አን» ሆነ። ራበንፌልስ ደግሞ «ሬቨን 2» ተባለች።

የሠሩት ሥራ ቀላል አልነበረም። ኦቶማኖች በየካቲት 1915 መጀመሪያ ስዊዝ ቦይን ሲያጠቁ የጦሩን መሰባሰብ አስቀድመው ካዩት ዓይኖች መካከል ከእነዚህ መርከቦች የተነሡት አውሮፕላኖች ይገኙበታል። የዚያን ዘመን አውሮፕላን ከግብፅ ተነሥቶ ቤርሳቤህ ደርሶ ለመመለስ አቅም ስላልነበረው፣ መርከቧ እስከ ጠረፉ ድረስ ተሸክማ ርቀቱን ታሳጥርለት ነበር። በነሐሴ 1916 አን፣ ሬቨን 2 እና ቤን ማይ ክሪ የተባለችው ሦስተኛ መርከብ በአንድነት ሆነው የአፉላን የባቡር መገናኛ በአውሮፕላን ደበደቡ። በቀይ ባሕርም ሁለቱ የአረቦችን አመፅ ደግፈዋል፤ አን በጥር 1917 የወጅህ ከተማ ሲያዝ በቦታው ነበረች። ሬቨን 2 ደግሞ ቮልፍ የተባለውን የጀርመን ወራሪ መርከብ ፍለጋ ህንድ ውቅያኖስን አሰሰች፤ አላገኘችውም።

ከዚያ በኋላ የሆነውን የባሕር ጦርነት ጸሐፊዎች በአንድ ዓረፍተ ነገር ያልፉታል። በነሐሴ 1917 አን ከጦር መርከብነት ወጣች፤ አውሮፕላኖቿ ወረዱ፤ የጭነት ክፍሏ ተከፍቶ ከሰል ጫነች። ሬቨን 2ም በዚያው ዓመት መጨረሻ ተከተለቻት፤ ሬቨንሮክ የሚል ሦስተኛ ስም ተሰጥቷት እርሷም ከሰል ማመላለስ ያዘች። በብዙዎች አተራረክ ይህ የጡረታ ዜና ነው፤ ጀግናዋ መርከብ መጨረሻ ላይ ወደ ተራ ሥራ ወረደች ዓይነት። ይህን አተራረክ አልቀበለውም። መርከቧ ወደ ከሰል የተመለሰችው ጦርነቱ ከአውሮፕላኑ ይልቅ ሆዷን ስለፈለገው ነው። የዚህ ጠረፍ ዕጣ የተወሰነውም ከመድፉና ከአውሮፕላኑ ባላነሰ፣ ምናልባትም በበለጠ፣ በመርከብ ሆድ ውስጥ ባለው ነገር ነው።

ተቃውሞው ግልጽ ነው። አን ዘገምተኛ ነበረች፤ ከጊዜው ወደኋላ ቀርታ ነበር። ቤን ማይ ክሪ በጥር 1917 ካስቴሎሪዞ ደሴት አጠገብ በኦቶማን መድፍ ተመትታ ሰጥማለች፤ ጥበቃው ደካማ የሆነ መርከብ ጠረፍ ዳር መቆሙ ምን ያህል አደገኛ እንደሆነ ያኔ ታይቷል። ጦሩ በሲና በረሃ እየገፋ በሄደ ቁጥር ከየብስ የሚነሡ የተሻሉ አውሮፕላኖች ሥራውን ተረከቡ። ይህ ሁሉ እውነት ነው፤ አውሮፕላኑ ለምን እንደወረደም ያስረዳል። ከሰሉ ለምን እንደተጫነ ግን አያስረዳም። ጀርመን በየካቲት 1917 ያለ ገደብ የሰርጓጅ መርከብ ጦርነት ከፈተች፤ በሚያዝያ ወር ብቻ ከ800,000 ቶን በላይ የሚመዘገብ መርከብ ተቃጥሎና ሰጥሞ ጠፋ። እንዲህ ባለ ጊዜ ጤነኛ የጭነት መርከብ ከወርቅ ይወደዳል። የባሕር ኃይሉ አዛዦች ለአን ሁለት ምርጫ ነበራቸው፤ ሁለት አውሮፕላን ይዛ መቆየት ወይም በሺህ የሚቆጠር ቶን ጭነት መሸከም። ሁለተኛውን መረጡ። ውሳኔው የጦርነቱን የፍላጎት ቅደም ተከተል ከማንኛውም የጀግንነት ትረካ በተሻለ ይናገራል።

ግብፅ የራሷ የድንጋይ ከሰል አልነበራትም። ለባሕር ኃይሉ በእጅጉ የሚመረጠው፣ ብዙ ጭስ የማያወጣው ከሰል ከዌልስ፣ በተለይም ከካርዲፍ ወደብ፣ ከ5,000 ኪሎ ሜትር በላይ ተጉዞ ይመጣ ነበር። ፖርት ሰዒድ ሲደርስ የሚጠብቀው የሰው ትከሻ ነው። ከሰል የሞላው ጀልባ ከመርከቧ ጎን ይጠጋል፤ ሁለት ረጅም ሳንቃ ይዘረጋል፤ በአንዱ ቅርጫት የተሸከሙ ሰዎች ይወጣሉ፤ በሌላው ባዶ ቅርጫት የያዙት ይወርዳሉ። ብናኙ ፊታቸውን፣ ሳንባቸውን፣ የመርከቧን ወለል ሁሉ ያለብሳል። በመርከቧ ውስጥ ደግሞ እሳት ቆስቋሾች በቦይለሩ ግለት ፊት አካፋቸውን ይዘው ይቆማሉ። በዘመኑ ባሕር ላይ የሚታየው አብዛኛው ብረት ከእነዚህ ሰዎች ጉልበት ውጪ አንድ ክንድ አይንቀሳቀስም ነበር። ሬቨን 2 ፈልጋ ያጣችው ቮልፍ ራሱ ለዚህ ምስክር ነው። አንድም ወዳጅ ወደብ ሳይነካ 451 ቀን ባሕር ላይ የቆየው በማረካቸው መርከቦች ከሰልና ስንቅ ነው። በኅዳር 1917 ከ5,000 ቶን በላይ ከሰል የጫነችውን ኢጎትስ ሜንዲ የተባለች ገለልተኛ የስፔን መርከብ ይዞ አብሯት ወደ ሰሜን አቀና። የጀርመኑ አዛዥ ከማረካቸው መርከቦች መካከል ለጉዞው መሳካት ይህችን ያህል የጠቀመችው ማግኘት ይከብዳል።

የአሽዶድ ጠረፍ በዚያው ወር ተመሳሳይ ነገር አየ። የእንግሊዙ ጄኔራል አለንቢ ቤርሳቤህን በጥቅምት 31 ቀን 1917፣ ጋዛን ደግሞ በኅዳር 7 ያዘ። ጦሩ ከዚያ በኋላ በፍጥነት ወደ ሰሜን ገፋ፤ የሱክረይር ወንዝን (የዛሬውን ላኪሽ) ተሻግሮ ኢስዱድ በምትባለው መንደር በኩል ወደ ያፋ አመራ። ችግሩ ስንቁ ነበር። ከቃንጣራ ተነሥቶ በሲና የተዘረጋው የባቡር ሐዲድ ገና ከጋዛ በስተደቡብ፣ ዴር ኤል በላህ አካባቢ ነበር። ፈረሰኛው ወደፊት በገፋ ቁጥር ከሐዲዱ ጫፍ እየራቀ ሄደ፤ ፈረስና ሰው ውሃና ገብስ ይጠይቃል። መፍትሔው ከባሕር መጣ፤ መጀመሪያ በዋዲ ሄሲ፣ ቀጥሎም በሱክረይር ወንዝ አፍ፣ ማለት ዛሬ የአሽዶድ ወደብ ግንብ ከሚታይበት አጠገብ፣ ስንቅ በጀልባ ይወርድ ጀመር። መርከቦቹ ከሩቅ ቆመው፣ ጀልባዎቹ ማዕበሉን እየሰነጠቁ አሸዋው ላይ ይደርሳሉ። በደቡቡ ጠረፍ ጀልባዎቹን ከሚቀዝፉት መካከል ከደቡብ ፓስፊክ ራሮቶንጋ ደሴት የመጡ፣ ከኒውዚላንድ ጦር ጋር የዘመቱ ሰዎች ነበሩ፤ ማዕበል የሚሰበርበትን ባሕር ከልጅነታቸው ያውቁታል። ወደብ የሌለው ጠረፍ ወደብ የሆነው በእነርሱ ክንድ ነው።

ይህ ሁሉ ያለ ዋጋ አልሆነም። ኅዳር 11 ቀን፣ ጦሩ በኢስዱድ ድልድይ በኩል በሚሻገርበት ሰሞን፣ ዩሲ 38 የተባለች የጀርመን ሰርጓጅ መርከብ በዴር ኤል በላህ ጠረፍ ስቶንች የተባለችውን አጥፊ መርከብና ኤም 15 የተባለችውን የመድፍ መርከብ አሰጠመች። ቆመው ጠረፉን የሚደበድቡ መርከቦች ነበሩ። አን እስከ ነሐሴ ድረስ የቆመችበትን ዓይነት አቋቋም ቆመው ተገኙ።

እዚህ ላይ አንድ ጠንከር ያለ ተቃውሞ ይነሣል። ስቶንች የምትነዳው በነዳጅ ዘይት እንጂ በከሰል አልነበረም። ዊንስተን ቸርችል ከጦርነቱ በፊት የእንግሊዝን ታላላቅ የጦር መርከቦች ወደ ዘይት ማዞር ጀምሮ ነበር፤ መንግሥቱም በ1914 በአንግሎ ፐርሺያን የነዳጅ ኩባንያ ውስጥ ትልቁን ድርሻ ገዝቷል። ስለዚህ ከሰል ጫኝዋ የሚያልፍ ዘመን አገልጋይ እንጂ የጦርነቱ ወሳኝ አይደለችም ሊባል ይችላል። ክርክሩ ስለ ማገዶው ከሆነ ትክክል ነው። ነገር ግን ዘይትም በመርከብ ሆድ ነው የሚመጣው። በዚሁ ጠረፍ ጋዛን ከደበደቡት መካከል እንደ ግራፍተንና እንደ ፈረንሳይዋ ረካን ያሉ አሮጌ መርከቦች አሁንም ከሰል ይበሉ ነበር፤ በሲና የሚመላለሰው ባቡርም እንዲሁ። ማገዶው ተለወጠ፤ ተሸካሚው ግን ያው ነው።

ሌላው ተቃውሞ የእግረኛውና የፈረሰኛው ነው። ቤርሳቤህን የያዘው የአውስትራሊያ ፈረሰኛ ግልቢያ ነው፤ መርከብ ምን አገባት የሚል። ለኢትዮጵያዊ አንባቢ የዚህን መልስ ማስረዳት ብዙ አያስቸግርም። አድዋ ላይ የምኒልክ ሠራዊት ስንቅ እያለቀበት እንደነበረና የኢጣሊያኑ ጄኔራል ባራቲየሪ ጥቂት ቀን ቢታገሥ ኖሮ ነገሩ ሌላ መልክ ሊይዝ ይችል እንደነበር የዘመኑ ታሪክ ይናገራል። መቀሌ ላይ እንዳየሱስ ምሽግን ያስለቀቀው እቴጌ ጣይቱ ምንጩን ማስያዛቸው ነው። የጀግናው ስም በሰይፉ ይወጣል፤ የሚያዘምተው ግን አጋሰሱና ጓዙ ነው። ከሰል ጫኝ መርከብ የባሕር አጋሰስ ነበረች። ይህን ማለት ፈረሰኛውን ማሳነስ አይደለም፤ ፈረሱ ማለዳ የበላው ገብስ ከየት እንደመጣ መጠየቅ እንጂ።

አጋሰሱን ማክበር ግን የተሸከመውን ሁሉ መባረክ መሆን የለበትም። ያው ባሕር ላይ የቆመው ኃይል የሶሪያንና የሊባኖስን ጠረፍ ዘግቶ እህል እንዳይገባ አድርጓል። በ1915 ከመጣው የአንበጣ መንጋና ከኦቶማን ባለሥልጣናት የእህል ነጠቃ ጋር ተደምሮ በዚያ ረሃብ ያለቀው ሕዝብ በመቶ ሺዎች ይቆጠራል። ስንቁን አሸዋ ላይ ያራገፉት፣ ሐዲዱን የዘረጉት በአብዛኛው የግብፅ የሠራተኞች ጓድ ሰዎች ነበሩ፤ ከመንደራቸው በግዴታ የተወሰዱት ቁጥራቸው ብዙ ነው፤ ያ ምሬት በ1919 ለፈነዳው የግብፅ አብዮት አንዱ ምክንያት ሆኗል። የመርከብ ሆድ ጦርን እንደሚመግብ ሁሉ፣ የመርከብ ሆድ መከልከል ሕዝብን ያስርባል። ወሳኝነቱ በሁለቱም በኩል ነው፤ የመጀመሪያውን አጉልቶ ሁለተኛውን የሚሸፍን ታሪክ ግማሽ ታሪክ ነው።

ለእኛ ደግሞ ነገሩ የሩቅ ሰዎች ጉዳይ አይደለም። የአውሮፓ መንግሥታት በቀይ ባሕር ዙሪያ እግራቸውን የተከሉት መጀመሪያ ለከሰል ነው። እንግሊዝ በ1839 ኤደንን ስትይዝ ከሕንድ ወደ ስዊዝ ለሚሄዱ የእንፋሎት መርከቦች የከሰል ማረፊያ ፍለጋ ከዋነኞቹ ምክንያቶች አንዱ ነበር። ስዊዝ ቦይ ሊከፈት ቀናት ሲቀሩት፣ በኅዳር 1869፣ የኢጣሊያው ሩባቲኖ የመርከብ ኩባንያ በጁሴፔ ሳፔቶ አማካይነት የአሰብን መሬት ከአካባቢው ገዢዎች ገዛ፤ የተነገረው ዓላማ ለመርከቦቹ የከሰል ማከማቻ ነበር። በ1882 መንግሥቱ ከኩባንያው ተረከበ፤ በ1885 ምጽዋ ላይ ሠራዊት አወረደ፤ ከዚያ እስከ አድዋ 11 ዓመት ብቻ ነው። ፈረንሳይም ኦቦክን በ1862 በውል ብትይዝም የተጠቀመችበት ቆይታ ነው፤ ከቻይና ጋር በተዋጋችበት በ1880ዎቹ እንግሊዝ ገለልተኛ ነኝ ብላ በኤደን ከሰል ስትከለክላት ኦቦክን አለማች፤ ከዚያም ማዶውን ጅቡቲን። ዛሬ የኢትዮጵያ ገቢና ወጪ ንግድ በአብዛኛው የሚያልፍበት ወደብ መነሻው የመርከብ ማገዶ ጥያቄ ነው። መጀመሪያ የመጣው የከሰል ክምር ነበር፤ ባንዲራው ተከተለ፤ ወታደሩ ከሁሉም በኋላ ደረሰ።

ስለዚህ የባሕር በር በሚነሣበት ውይይት ስለ ጦር መርከብና ስለ ወታደራዊ ሰፈር የምናነሣውን ያህል ስለ ጭነት መርከብ፣ ስለ ማራገፊያ፣ ስለ ማከማቻና በዚያ ስለሚሠራው ሰው መነጋገር አለብን። ኢትዮጵያ በ1964 የመርከብ ድርጅቷን ስታቋቁም ይህን ተገንዝባ ነበር። መርከበኞቿ በዓለም ወደቦች ያዩት፣ የጫኑትና ያራገፉት ነገር ግን ከወታደሩ ታሪክ ጋር ሲነጻጸር የተጻፈለት እጅግ ጥቂት ነው። በሕይወት ያሉት መርከበኞች ያለፉበትን እንዲነግሩን፣ ጋዜጠኞችና የታሪክ ተማሪዎችም ቀርበው እንዲመዘግቡት መጠየቅ ያለብን አሁን ነው።

ሬቨንሮክ በ1923 ተሸጣ በመጨረሻ በ1938 ጃፓን ውስጥ ተሰባበረች። አን በ1922 ተሸጣ፣ ባለቤትና ስም እየቀያየረች፣ ሁለተኛውንም የዓለም ጦርነት ተሻግራ እስከ 1958 ቆየች። ከ47 ዓመት ዕድሜዋ አውሮፕላን የተሸከመችበት ጊዜ ሦስት ዓመት አይሞላም፤ በቀረው ዘመኗ ጭነት ስታመላልስ ኖራለች።